ኳስ የማይነካው ሰው የገበያ ዋጋ

የታምፓ ቤይ ቡካኒርስ ክለብ በኦገስት 2024 ትሪስታን ዊርፍስ ከተባለው ተጫዋቹ ጋር የአምስት ዓመት ውል ተፈራርሟል። የውሉ ጠቅላላ ዋጋ 140.6 ሚሊዮን ዶላር ሲሆን ለአንድ ዓመት ሲካፈል ከ28 ሚሊዮን ዶላር በላይ ይደርሳል። ገንዘቡ ብዙ መሆኑ አያጠያይቅም፤ ይበልጥ የሚያስገርመው ግን የተገዛው ነገር ነው። ዊርፍስ በሥራው ኳስ አይወረውርም፣ አይቀበልም፣ ይዞም አይሮጥም። ሥራው ከፊቱ የሚመጣውን ግዙፍ ሰው ለሦስት ሰከንድ ያህል ማቆም ነው።

ለመሆኑ አንድ የክለብ ባለቤት ይህን ያህል ገንዘብ አውጥቶ የሚገዛው ምንድን ነው? ዋጋውንስ የሚተምነው ማን ነው? ጥያቄው የስፖርት ቢመስልም መልሱ ያለው በሥራ ገበያ ውስጥ ነው። (በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ሥራው ምንድን ነው?

የአሜሪካ ፉትቦል እኛ ከምናውቀው እግር ኳስ ጋር የሚጋራው ስሙንና የተጫዋቹን ቁጥር ነው ቢባል ማጋነን አይሆንም። በአንድ ወገን 11 ተጫዋቾች ይሰለፋሉ። ከአጥቂው ቡድን 11 ሰዎች መካከል አምስቱ ኳሱ ባለበት መስመር ላይ ጎን ለጎን ቆመው ግድግዳ ይሠራሉ። መሐል ላይ የሚቆመው ሴንተር ይባላል፤ ኳሱን በእግሮቹ መሐል ወደ ኋላ አቀብሎ ጨዋታውን የሚያስጀምረው እሱ ነው። በግራና በቀኙ ሁለት ጋርዶች፣ ከእነሱ ውጪ ደግሞ ሁለት ታክሎች ይቆማሉ። የአብዛኞቹ ክብደት ከ300 ፓውንድ ማለትም ከ136 ኪሎ በላይ ነው።

አምስቱ የሚጠብቁት ከኋላቸው ቆሞ ኳሱን የሚያከፋፍለውን ኳርተርባክ ነው። ይህ ሰው የክለቡ ውድ ንብረት ነው። የዳላስ ካውቦይስ ኳርተርባክ ዳክ ፕሬስኮት በሴፕቴምበር 2024 የፈረመው የአራት ዓመት ውል 240 ሚሊዮን ዶላር፣ በዓመት ሲሰላም 60 ሚሊዮን ዶላር ነው። ቀኝ እጁን የሚጠቀም ኳርተርባክ ለመወርወር ሲዘጋጅ ፊቱ ወደ ቀኝ ይዞራል፤ በግራ በኩል ከኋላው የሚመጣውን አያይም። ያንን የማይታይ ጀርባ የሚጠብቀው በግራ ጫፍ የሚቆመው ሌፍት ታክል ነው።

ያ ጀርባ ሳይጠበቅ ሲቀር የሚደርሰውን ጉዳት አሜሪካውያን በኖቬምበር 18 ቀን 1985 በቴሌቪዥን አይተውታል። የኒው ዮርክ ጃያንትሱ ተከላካይ ሎውረንስ ቴይለር የዋሽንግተኑን ኳርተርባክ ጆ ታይስማንን ሲጥለው የታይስማን እግር ተሰበረ። በወቅቱ 36 ዓመቱ የነበረው ታይስማን ከዚያ ምሽት በኋላ አልተጫወተም። የክለብ ባለቤቶች ከዚህ ክስተት ያገኙት ትምህርት የመድን ድርጅት ደንበኛ የሚያገኘው ዓይነት ነው፤ ንብረቱ ውድ በሆነ ቁጥር የጥበቃው ዋጋም አብሮ ይወጣል። የታክሉ ደመወዝ በሌላ ስሙ የመድን አረቦን ነው።

ገበያ ያልነበረው ዕቃ

ሆኖም ትምህርቱ ወዲያው ዋጋ አልሆነም። ምክንያቱ ግልጽ ነው፤ ገበያ አልነበረም። እስከ 1990ዎቹ መጀመሪያ ድረስ ውሉን የጨረሰ ተጫዋች እንደ ልቡ ወደ ሌላ ክለብ መሄድ አይችልም ነበር። ሻጩ አንድ፣ ገዥውም አንድ በሆነበት ቦታ ዋጋ የሚቆረጠው በገዥው ፈቃድ ነው። ለዓይን የሚታዩት ኳስ ያዦች ቢያንስ በሕዝብ ጭብጨባ ይደራደሩ ነበር። መስመር ላይ የሚታገለው ሰው ግን የሚደራደርበት አልነበረውም።

ለውጡ የመጣው በፍርድ ቤት ነው። በ1992 ፍሪማን ማክኒልና ሌሎች ተጫዋቾች በሊጉ ላይ ባቀረቡት ክስ የዳኝነት ጉባኤው የዝውውር ገደቡ የፀረ ሞኖፖል ሕግን ይጥሳል ሲል ወሰነ። በ1993 ክለቦቹና ተጫዋቾቹ ነፃ ዝውውርን በሚፈቅድ ስምምነት ታረቁ። በምትኩ ከ1994 ጀምሮ እያንዳንዱ ክለብ ለደመወዝ የሚያወጣው ገንዘብ ጣሪያ ተበጀለት። የመጀመሪያው ጣሪያ 34.6 ሚሊዮን ዶላር ነበር። በ2025 ጣሪያው 279.2 ሚሊዮን ዶላር ደርሷል።

በሩ እንደተከፈተ ገበያው የተናገረው ብዙዎችን አስደንግጧል። ለቡፋሎ ቢልስ ይጫወት የነበረው ታክል ዊል ዎልፎርድ በ1993 ከኢንዲያናፖሊስ ኮልትስ የሦስት ዓመት የ7.65 ሚሊዮን ዶላር ውል ቀረበለት። በውሉ ውስጥ አንድ አንቀጽ ነበር፤ ዎልፎርድ በክለቡ የማጥቃት ክፍል ካሉት ተጫዋቾች ሁሉ ከፍተኛው ተከፋይ ይሆናል የሚል። ቡፋሎ ተመሳሳይ ውል አቅርቦ ተጫዋቹን የማስቀረት መብት ነበረው። ይሁንና እንዲህ ካደረገ ለታክሉ ከዝነኛው ኳርተርባኩ ከጂም ኬሊ የበለጠ መክፈል ሊኖርበት ነው። ጉዳዩ ለግልግል ዳኛ ቀርቦ አንቀጹ ለዎልፎርድ ጸና፤ ወደፊት ግን እንዳይደገም ተከለከለ። ዎልፎርድም ሄደ። ከዚያ ቀን በኋላ የመስመር ተጫዋች ርካሽ ነው ብሎ የሚከራከር የክለብ ሥራ አስኪያጅ ማስረጃ አጣ።

የሚቀጥሉት ዓመታት ዋጋውን አጽንተውታል። ባልቲሞር ሬቨንስ በ1996 በታሪኩ የመጀመሪያ የሆነውን የምልመላ ዕድል የተጠቀመበት ታክሉን ጆናታን ኦግደንን ለመውሰድ ነበር። በ1997 ደግሞ ከመላ አገሪቱ አንደኛ ሆኖ የተመረጠው ታክሉ ኦርላንዶ ፔስ ነው። ሁለቱም የሱፐር ቦውል ዋንጫ አንስተዋል።

የአቅርቦቱ ጉዳይም መነሳት አለበት። ኦግደን 2.06 ሜትር ቁመት ነበረው። ቁመትና ክብደት ያለው ሰው ብዙ ይገኛል። ያን ሁሉ ክብደት ተሸክሞ ወደ ጎንና ወደ ኋላ በቀላል እግር የሚንቀሳቀስ ሰው ግን ጥቂት ነው። ክለቦቹ 32 ሲሆኑ እያንዳንዳቸው ሁለት ታክል ያሰልፋሉ፤ በጠቅላላው 64 ቦታ ማለት ነው። 64ቱን በእኩል ብቃት ለመሙላት የሚያስችል አቅርቦት ግን የለም። ዋጋው የሚወጣውም ከዚህ ጉድለት ነው።

ወደ ገበያው መግቢያ

ነፃ ገበያ የተባለው ግን ለሁሉም ከመጀመሪያው ቀን አይከፈትም። አንድ ወጣት ዩኒቨርሲቲ ውስጥ ተጫውቶ ወደ ሊጉ የሚገባው ድራፍት በሚባለው ዓመታዊ ምልመላ ነው። ምልመላው ሰባት ዙር አለው። ተመልማዩ የመረጠው ክለብ ንብረት ይሆናል እንጂ እሱ ክለብ አይመርጥም። ከ2011 ስምምነት ወዲህ የጀማሪ ደመወዝ በምርጫው ተራ ቁጥር ይወሰናል፤ የውሉ ዕድሜም አራት ዓመት ነው። በአንደኛው ዙር የተወሰደውን ተጫዋች ክለቡ ለአምስተኛ ዓመት ሊያስቀረው ይችላል። በኢኮኖሚክስ ቋንቋ ይህ የብቸኛ ገዥ ገበያ ይባላል።

የብቸኛ ገዥ ገበያ ምን እንደሚያስከፍል ለማየት የትሬይ ስሚዝን ሒሳብ ማስላት ይበቃል። ስሚዝ በቴነሲ ዩኒቨርሲቲ ድንቅ ጋርድ ነበር። በ2018 ግን ሳንባው ውስጥ የረጋ ደም ተገኘበት። ገዥዎች ሥጋቱን ከዋጋው ቀንሰው በ2021 ምልመላ እስከ ስድስተኛው ዙር አዘገዩት፤ ካንሳስ ሲቲ ቺፍስ በ226ኛ ተራ ወሰደው። ለአራት ዓመት የተከፈለው በዝቅተኛው የጀማሪ ውል ነበር። በእነዚያ ዓመታት ክለቡ ሁለት ጊዜ ሱፐር ቦውል አሸነፈ። በጁላይ 2025 ስሚዝ አዲስ የአራት ዓመት ውል ሲፈርም ዋጋው 94 ሚሊዮን ዶላር ሆነ። የሰውየው ችሎታ በአንድ ሌሊት ይህን ያህል አላደገም። የተለወጠው ነገር የመሸጥ መብቱ ነው።

ምልመላው ትክክለኛ ሚዛን አለመሆኑን ሌሎችም ያሳያሉ። የፊላደልፊያ ኢግልሱ ሴንተር ጄሰን ኬልሲ በ2011 የተመረጠው በ191ኛ ተራ ነበር፤ 13 ዓመት ተጫውቶ በ2024 በክብር ተሰናበተ። ጄሰን ፒተርስ በ2004 ጭራሽ የመረጠው አልነበረም፤ በሌላ ቦታ ይጫወት የነበረው ይህ ሰው ወደ ታክልነት ተለውጦ ዘጠኝ ጊዜ ለኮከቦች ግጥሚያ ተመርጧል። አውስትራሊያዊው ጆርዳን ማይላታ ደግሞ በ2018 በ233ኛ ተራ ሲወሰድ ራግቢ እንጂ የአሜሪካ ፉትቦል ተጫውቶ አያውቅም ነበር። ኢግልስ ሁለት ዓመት አስተምሮ አሰለፈው። በ2024 የተፈራረመው የሦስት ዓመት ውል 66 ሚሊዮን ዶላር ነው። ክለቡ ርካሽ ጥሬ ዕቃ ገዝቶ በራሱ ፋብሪካ አምርቶታል ማለት ይቻላል።

የማይሳካላቸው ግን ይበዛሉ። አንድ ክለብ በመደበኛ ዝርዝሩ የሚይዘው 53 ሰው ነው። ከዚያ የተረፈው ዕድለኛ ከሆነ በልምምድ ቡድን ውስጥ ይቆያል፤ በ2023 የዚህ ቡድን ዝቅተኛ የሳምንት ክፍያ 12,000 ዶላር ነበር። ለተራ ሠራተኛ ብዙ ነው። ነገር ግን ማክሰኞ የተቀጠረ ሰው በሚቀጥለው ማክሰኞ ሊሰናበት ይችላል። የተጫዋቾቹ ማኅበር ለብዙ ጊዜ የሚጠቅሰው አማካይ የሙያ ዕድሜ ከሦስት ዓመት ጥቂት የሚበልጥ ነው። የጀማሪው ውል አራት ዓመት ነው ከተባለ፣ መካከለኛው ተጫዋች የመሸጥ መብቱን ሳያገኝ ገበያውን ይለቃል ማለት ነው።

ውል ሲነበብ

ከበሮ በሰው እጅ ያምር፣ ሲይዙት ያደናግር እንደሚባለው በጋዜጣ የሚወጣው የውል ድምር ሲቀርቡት ሌላ መልክ አለው። በዚህ ሊግ ውል ማለት የተረጋገጠ ገንዘብ ማለት አይደለም። ክለቡ ተጫዋቹን ባሰናበተ ጊዜ ዋስትና ያልተገባበት ቀሪ ክፍያ አብሮ ይቀራል። ስለዚህ ወኪሎች በመጀመሪያ የሚመለከቱት በዋስትና የተያዘውን ቁጥር ነው። የዊርፍስ 140.6 ሚሊዮን ሲነበብ ዋስትና ያለው 88.2 ሚሊዮን ነው። ከዚያ ላይ እስከ 37 በመቶ የሚደርስ የፌዴራል ግብር አለ፤ ለወኪሉም እስከ 3 በመቶ ይከፈላል።

የዋስትናን ትርጉም በ2025 የደረሰ አንድ አጋጣሚ በደንብ ያስረዳል። የሎስ አንጀለስ ቻርጀርሱ ታክል ራሾን ስሌተር በጁላይ መጨረሻ የአራት ዓመት የ114 ሚሊዮን ዶላር ውል ፈረመ። ሁለት ሳምንት ሳይሞላ በልምምድ ላይ የጉልበቱ ጅማት ተበጥሶ የዓመቱ ጨዋታ አመለጠው። ከውሉ 92 ሚሊዮን ዶላር ያህሉ ዋስትና ነበረው። ፊርማው ሁለት ሳምንት ቢዘገይ ኖሮ ድርድሩ የሚካሄደው ከአንድ በሽተኛ ጋር ነበር።

ገበያው ሲሞቅ የውል ቃላትም የጦር መሣሪያ ይሆናሉ። በ2006 ሚኔሶታ ቫይኪንግስ ለሲያትል ሲሆክስ ጋርድ ለስቲቭ ሃቺንሰን የሰባት ዓመት የ49 ሚሊዮን ዶላር ውል አቀረበ። ሲያትል እኩል ከፍሎ የማስቀረት መብት ነበረው። ይሁን እንጂ ውሉ ውስጥ አንድ ወጥመድ ተቀብሯል፤ ሃቺንሰን ከክለቡ የመስመር ተጫዋቾች ሁሉ ከፍተኛ ተከፋይ ካልሆነ 49 ሚሊዮኑ በሙሉ ዋስትና ይሆናል። ሲያትል የበለጠ የሚከፈለው ታክል ዋልተር ጆንስ ነበረው፤ ሚኔሶታ ደግሞ እንዲህ ያለ ሰው አልነበረውም። አንዱ አንቀጽ ለአንዱ ክለብ ምንም፣ ለሌላው መርዝ ሆነ። ሲያትል ሃቺንሰንን አጣ። ቂሙንም አላሳደረም፤ ለሚኔሶታው ተጫዋች ለኔት በርልሰን በተመሳሳይ 49 ሚሊዮን ዶላር ውል አቀረበና፣ በሚኔሶታ ግዛት በአንድ ዓመት አምስት ጊዜ ከተጫወተ ገንዘቡ ሁሉ ዋስትና ይሁን የሚል አንቀጽ ጨመረበት። የ2011 ስምምነት ይህን ዓይነቱን ብልሃት አግዷል።

ያለ ቁጥር የሚለካ ሥራ

ሻጭና ገዥ በዋጋ ለመስማማት ስለ ዕቃው ጥራት ማወቅ አለባቸው። ወርዋሪው በወረወረው፣ ሯጩ በሮጠው ያርድ ይመዘናል። የመስመር ተጫዋች ግን ይህ ነው የሚባል የራሱ መዝገብ አልነበረውም። ስሙ በድምጽ ማጉያ የሚጠራው ሲያጠፋ ነው፤ ተጋጣሚውን ጨብጦ ሲይዝ ቡድኑ 10 ያርድ፣ ቀድሞ ሲነቃነቅ 5 ያርድ ይቀጣል። ሥራውን በሚገባ የሠራ ዕለት ማንም አያስታውሰውም። ባለፉት ሃያ ዓመታት ገደማ እያንዳንዱን እንቅስቃሴ ከፊልም ላይ ተመልክተው ነጥብ የሚሰጡ ድርጅቶች ተፈጥረው ክፍተቱን በመጠኑ ሞልተዋል።

ችግሩ በዚህ አያበቃም። ድር ቢያብር አንበሳ ያስር ቢባልም ድሩ አንድ ቦታ ከተበጠሰ አንበሳው ያመልጣል። አራቱ ጠንክረው አምስተኛው ከተሸነፈ ኳርተርባኩ ይወድቃል። የአንዱ ሥራ ውጤት በጎረቤቱ ሥራ ላይ የተመሠረተ ስለሆነ የእያንዳንዱን ድርሻ ለይቶ መክፈል አስቸጋሪ ነው።

የክሊቭላንድ ብራውንሱ ጆ ቶማስ ለዚህ ጥሩ ምሳሌ ነው። በ2007 በሦስተኛ ተራ ሲመረጥ ኒው ዮርክ ከተዘጋጀው ሥነ ሥርዓት ይልቅ ከአባቱ ጋር ዓሣ ሲያጠምድ ነበር። ከመጀመሪያ ጨዋታው እስከ ኦክቶበር 2017 ድረስ 10,363 ተከታታይ ጊዜ አንድም ሳያመልጠው ተሰልፏል፤ ያስቆመው የክንዱ ጡንቻ መበጠስ ነው። በእሱ ዘመን ክለቡ 48 ጊዜ አሸንፎ 128 ጊዜ ተሸንፏል፤ በመጨረሻው ዓመት ደግሞ 16ቱንም ግጥሚያ ተሸነፈ። ምርጥ ታክል ብቻውን ክለብ አያቆምም። ሆኖም የሙያው ሰዎች ድሉን ሳይሆን ሥራውን መዝነው በ2023፣ ለመመረጥ ብቁ በሆነበት የመጀመሪያ ዓመት፣ በዝነኞች ማኅደር ስሙን አስፍረውታል።

የእርጅና ተቀናሽ

ማንኛውም ፋብሪካ ለማሽኑ የእርጅና ተቀናሽ ይይዛል። የመስመር ተጫዋች ማሽን የራሱ አካል ነው። በየልምምዱና በየግጥሚያው ከመቶ ኪሎ እጅግ ከሚበልጥ ሰው ጋር ይጋጫል። ክብደቱን ለመጠበቅ ባይርበውም ይበላል። ጡረታ ሲወጣ ብዙው ሰው ያን ክብደት ለማራገፍ ይታገላል፤ ቶማስም ካቆመ በኋላ በፍጥነት ከቀነሱት አንዱ ነው። ጉልበትና ጀርባ ግን እንደ ክብደት አይመለሱም።

የከበደው ሒሳብ የጭንቅላት ነው። የፒትስበርግ ስቲለርሱ ሴንተር ማይክ ዌብስተር ከ1974 ጀምሮ 17 የውድድር ዓመት ተጫውቶ አራት ሱፐር ቦውል አሸንፏል። ሲጨርስ አእምሮው ተናውጦ፣ ገንዘቡ አልቆ፣ መኪናው ውስጥ የሚያድርበት ጊዜ ነበር። በ2002 በ50 ዓመቱ አረፈ። አስከሬኑን የመረመሩት ናይጄሪያ ተወላጁ ሐኪም ዶክተር ቤኔት ኦማሉ በተደጋጋሚ ግጭት የሚመጣ የአንጎል ሕመም አግኝተው በ2005 በሙያ መጽሔት አሳተሙ። የተጫዋቾች የጡረታ ፈንድ ሕመሙ የጀመረው ዘግይቶ ነው በማለት ዝቅተኛውን ካሣ ይከፍል ነበር። ቤተሰቡ ተከራክሮ በ2006 በይግባኝ ፍርድ ቤት ረታ፤ ዌብስተር ግን አልደረሰበትም።

በሺዎች የሚቆጠሩ ተጫዋቾች ሊጉን ከሰሱ። በ2013 በ765 ሚሊዮን ዶላር የተጀመረው ዕርቅ በኋላ ጣሪያው ተነሥቶለት የጸደቀው ካሣ ከ1 ቢሊዮን ዶላር በላይ ሆኗል። ይሁንና በካሣው ምርመራ ላይ ጥቁር ተጫዋቾች ሲጀምሩም የማሰብ ችሎታቸው ዝቅ ያለ ነው የሚል መነሻ ይወሰድ እንደነበር ተጋለጠ። በዚህ መለኪያ አንድ ጥቁር ተጫዋች መጎዳቱን ለማሳየት ከነጭ ባልደረባው የበለጠ መጎዳት ነበረበት። ሊጉ መለኪያውን ለመተው የተስማማው በ2021 ነው። የዚህ ሊግ ተጫዋቾች አብዛኞቹ ጥቁሮች ናቸው።

ዋጋው ምንን ያካትታል?

ገበያው ከ1993 ወዲህ ለመስመር ተጫዋቾች አንድ ትልቅ ነገር አድርጓል። የማይታየውን ሥራ ዋጋ ሰጥቶታል። ጭብጨባ ያልከፈለውን ውድድር ከፍሎታል። ታክል ብቻ ሳይሆን ጋርዱና ሴንተሩም ከዚህ ተጠቅመዋል፤ የካንሳስ ሲቲው ሴንተር ክሪድ ሃምፍሪ በ2024 የፈረመው የአራት ዓመት ውል 72 ሚሊዮን ዶላር ነው።

ነገር ግን ይህ ዋጋ የሚከፈለው የጀማሪውን ውል ጨርሶ በጤና ለወጣ ሰው ነው። ለጉልበትና ለአንጎል የሚከፈለው ደግሞ ከሃያና ከሠላሳ ዓመት በኋላ የሚመጣ ዕዳ ነው፤ ዕዳው ሲመጣም ገዥው ክለብ በመዝገቡ ላይ አይዘውም፤ የሚቀረው በቤተሰብ ትከሻ ላይ ነው። ወኪሎች ለዋስትና አጥብቀው የሚከራከሩበትም ምክንያት ይኸው ነው። ተጫዋቹ የሚሸጠው የሦስት ሰከንድ ጥበቃ ነው፤ የሚያስረክበው ግን ቀሪ ዕድሜውን ጭምር ሊሆን ይችላል። የ28 ሚሊዮን ዶላሩ ውል ውድ ነው ወይስ ርካሽ የሚለው ጥያቄ የሚመለሰው ይህ ሁለተኛው ዕቃ ሲመዘን ነው።